ጣሊያን አገር በኢንዲፔንደንት ፊልም ተዋናይ ሆኖ መኖር ይቻላል ወይ? ለቦሎኛው ልጅ መልስ

ላላነበበው ሰው ጥያቄው ይሄ ነበር። ቦሎኛ የሚኖር የ26 ዓመት ልጅ፣ ቀኑን ሙሉ መጋዘን ውስጥ ካርቶን ሲያነሳ የሚውል፣ አገር ቤት እያለ የትምህርት ቤት ድራማ ክበብ ውስጥ የነበረ፣ «ማርቼሎ ፎንቴ የሚባል ሰው ዘበኛ ሆኖ ሲሰራ አይተውት ፊልም ላይ አስገቡት ከዛ ፈረንሳይ ካን ፊልም ፌስቲቫል ሄዶ ተሸለመ ይላሉ፣ እኔም ጣሊያንኛዬ ገና ቢሆንም በትናንሽ ፊልሞች ተዋናይ ሆኜ መኖር እችላለሁ ወይስ ዕድሜዬን ነው የምጨርሰው?» ብሎ ጠየቀ።

ወንድሜ፣ ጥያቄህን ካነበብኩ ጀምሮ ከሀሳቤ አልወጣህም፣ ምክንያቱም በየጊዜው ይሄንኑ የሚጠይቀኝ ሀበሻ አላጣም። እኔ ሮም ካስቲንግ ላይ፣ ማለትም ለፊልም ተዋናይ መምረጥ ላይ ነው የምሰራው፣ ረዳት ነኝ፣ ፕሮቪኖ ሲኖር ማለትም ለሮል ፈተና ሲኖር ካሜራው ጎን ቆሜ ከተፈታኙ ጋር ዲያሎግ የምቀባበለው እኔ ነኝ። ስለዚህ ከዛች ቦታ ሆኜ ያየሁትን ልንገርህ፣ ረዘም ስለሚል ታገሰኝ። ዓመቶቹን በፈረንጆች ነው የምጽፈው።

በመጀመሪያ የፎንቴን ታሪክ በደንብ እንየው፣ ሰው ሲያወራው መሀሉን እየዘለለ ስለሆነ። ሰውዬው በ1978 ካላብሪያ ውስጥ ሜሊቶ ዲ ፖርቶ ሳልቮ ነው የተወለደው፣ ያደገው ደግሞ ሬጆ ካላብሪያ ዳር አርኪ የሚባል ሰፈር፣ ድህነት ያለበት ሰፈር ነው። ልጅ እያለ ከበሮ ይመታ ነበር። ካን ላይ ሽልማቱን ሲቀበል ምን እንዳለ ታውቃለህ? ልጅ ሆኖ ቤታቸው ቆርቆሮው ላይ ዝናብ ሲዘንብ ዓይኑን ጨፍኖ ጭብጨባ እንደሚመስለው ነው የተናገረው። እኔ ያንን ስሰማ አለቀስኩ፣ የቆርቆሮ ቤት ክረምት ሲገባ እንዴት እንደሚጮህ ለእኔና ለአንተ ማን ይነግረናል?

እሺ፣ ወደ 20 ዓመቱ ገደማ ወደ ሮም መጣ፣ ወንድሙ ቲያትር ቤት ይሰራ ነበር። ከዛ በኋላ ያልሰራው የለም። የመድረክ ዕቃ ሰርቷል፣ ኮምፓርሳ ሆኗል፣ ማለትም ከኋላ የሚያልፈው ሕዝብ ውስጥ። የአሜሪካው ዳይሬክተር ስኮርሴዚ ቺኔቺታ የሚባለው የሮም ፊልም ስቱዲዮ መጥቶ የድሮዋን ኒውዮርክ እዛው ገንብቶ ሲቀርጽ ከኮምፓርሳዎቹ አንዱ ፎንቴ ነበር። በ2011 አሊቼ ሮርቫከር የመጀመሪያ ፊልሟን ስትሰራ ትንሽ ሮል አገኘ። በ2015 ደግሞ ከፓኦሎ ትሪፖዲ ጋር ሆኖ ራሱ ፊልም ዳይሬክት አደረገ፣ ሎካርኖ ፌስቲቫል ላይ ታየ። እንግዲህ ይሄ ሁሉ የሆነው «ከመገኘቱ» በፊት ነው፣ ልብ በልልኝ።

አሁን ወደ ዘበኝነቱ። ሮም ሳን ሎሬንሶ የሚባል ሰፈር አለ፣ ከተርሚኒ ጣቢያ ብዙም አይርቅም፣ እዛ ኑዎቮ ቺኔማ ፓላሶ የሚባል አሮጌ ሲኒማ ቤት ነበር። በ2011 የቁማር ቤት ሊያደርጉት ሲሉ የሰፈሩ ሰውና አርቲስቶች ገብተው ያዙት፣ እስከ 2020 ድረስ ቲያትር፣ ሙዚቃ፣ ስብሰባ የሚካሄድበት ቦታ ሆኖ ቆየ። ፎንቴ እዛው ነበር የሚያድረው፣ ቤቱን እየጠበቀ እያጸዳ። ከእስር የወጡ ሰዎች ያቋቋሙት የቲያትር ቡድን እዛ ልምምድ ያደርግ ነበር፣ እሱ ቁጭ ብሎ ያያቸዋል፣ በየቀኑ። አንድ ቀን ከተዋናዮቹ አንዱ በድንገት ሞተ። ፎንቴ ቃለ መጠይቅ ላይ እንዳወራው የሟቹን ሮል ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ በቃሉ ያውቀው ስለነበር ገብቶ ተካው። የዳይሬክተሩ የማቴዮ ጋሮኔ የካስቲንግ ሰዎች ያንን ቡድን ሊያዩ ሲመጡ እሱ መድረኩ ላይ ነበር። ዶግማን የሚለው የጋሮኔ ፊልም የወጣው በ2018 ነው፣ ግንቦት ላይ ካን የምርጥ ተዋናይ ሽልማት ወሰደ፣ በዛው ዓመት የአውሮፓ ፊልም ሽልማትም ደገመ። 40 ሊሞላው ሲል ማለት ነው።

ቁጠረው እስቲ። ሮም ከገባ ወደ 20 ዓመት። እና የሞተውን ሰው ሮል ያወቀው ማንም ሳይጠይቀው፣ ማንም ሳይከፍለው፣ ዝም ብሎ ልምምዱን ሲያይ ስለኖረ ነው። ለእኔ የታሪኩ ልብ እዛ ላይ ነው። ዘበኛ ብዙ አለ፣ ቲያትር ቤት የሚጠብቅም ብዙ አለ፣ ማታ ማታ ቁጭ ብሎ የሌላ ሰው ቃል የሚያጠና ግን ስንት ነው? ዕድል አልነበረም አልልህም፣ ነበር፣ ጋሮኔም የዶግማንን ስክሪፕት ከ10 ዓመት በላይ ይዞት ሰው ሲፈልግ ነበር የቆየው። ዕድሉ ሲመጣ ግን ፎንቴ በሩ ላይ ሳይሆን መድረኩ ላይ ነበር፣ እዛ ያደረሰው ደግሞ ሥራው ካለበት ቦታ አለመጥፋቱ ነው።

ፊልሙን ካላየኸው እይው፣ በተለይ መክፈቻውን። ውሻ የሚያጥብ ሰው ነው፣ ጥርሱን የሚያፋጭ በሰንሰለት የታሰረ ግዙፍ ውሻ ፊቱ አለ፣ እሱ አጭር ቀጭን ነው፣ ፈርቷል፣ ግን ድምፁን ዝቅ አድርጎ «ፍቅሬ፣ ፍቅሬ» እያለ በረጅም እጀታ ባለው መጥረጊያ ከሩቅ ያጥበዋል። ፍርሃቱና ርኅራኄው አንድ ላይ ፊቱ ላይ ናቸው፣ ምንም አያስረዳህም፣ ምንም «አይጫወትም»። ሌላ ቦታ ላይ ደግሞ ፓስታ ሲበላ ለውሻው በራሱ ሹካ ያጎርሰዋል። እኔ ፕሮቪኖ ላይ የምፈልገው ያንን ነው፣ እጅ ሥራ ሲይዝ ፊት መዋሸት ይተዋል። አገር ቤት ድራማ ክበብ ውስጥ የለመድነው ድምፅ ከፍ አድርጎ፣ እጅ እያወናጨፉ፣ ለመጨረሻው ረድፍ መናገር ነው፣ እሱ መድረክ ላይ ጥሩ ነው፣ ካሜራው ግን ከአፍንጫህ አንድ ሜትር ላይ ነው ያለው።

አንድ ነገር ልንገርህ፣ ስም አልጠራም። አንድ ልጅ ለትንሽ ሮል ሊፈተን መጣ፣ ወለሉ ላይ በፕላስተር ምልክት አድርገናል፣ እዛ ቆመ፣ እኔ የእናቱን ዲያሎግ አነበብኩለት፣ ቃሉ ጠፋበት። ብዙ ሰው እዛ ጋ ይቅርታ ብሎ ያቆማል ወይም ጣሪያ ጣሪያ ያያል። ልጁ ግን እኔን እያየ ዝም አለ፣ ምራቁን ዋጠ፣ የጃኬቱን ዚፕ ወደ ላይ ወደ ታች አንዴ አደረገ፣ ከዛ ከስክሪፕቱ ውስጥ የሌለ አንድ ቃል፣ «አውቃለሁ» ብቻ ብሎ መለሰ። ዳይሬክተሯ ቪዲዮውን ሦስት ጊዜ አስደገመችው። ሮሉን ሰጠችው። እሱ ወጥቶ ሲሄድ የወደቀ መስሎት ነበር።

አሁን ጣሊያንኛህ። ይሄ ላይ ብዙ አትጨነቅ፣ ግን በትክክል ተረዳኝ። ዝነኛዋ ተዋናይ ክላውዲያ ካርዲናሌ ቱኒስ ተወልዳ ነው ያደገችው፣ ቤት ውስጥ ፈረንሳይኛና ሲሲሊኛ እየሰማች፣ ጣሊያን ስትመጣ አክሰንቷም ሻካራ ድምጿም አልተወደደም፣ የመጀመሪያ ፊልሞቿ ላይ ሌላ ሴት ነበረች ድምጽ የምትሰጣት፣ በራሷ ድምፅ እንድትናገር ያደረጋት ዳይሬክተሩ ፌሊኒ ነው በ1963። ያ ዘመን ሁሉ ነገር በዱብ፣ ማለትም ድምፁ ከቀረጻ በኋላ ስቱዲዮ ተቀርጾ የሚሰራበት ስለነበር ነው። ዛሬ ትናንሽ ፊልሞች ድምፅ በቀጥታ ቦታው ላይ ይቀርጻሉ፣ ደግሞ እነሱ ራሳቸው የጠራ ጣሊያንኛ አይፈልጉም። ጋሮኔ በ2008 ስለ ናፖሊ ማፊያ የሰራው ፊልም ዲያሌክቱ ስለሚከብድ እዚሁ ጣሊያን ውስጥ በጣሊያንኛ ሰብታይትል ነው የታየው! ስለዚህ አክሰንትህ በር አይዘጋብህም። የሚዘጋብህ አለመስማትህ ነው። ቀረጻ ቦታ ላይ ዳይሬክተሩ ከሩቅ በፍጥነት፣ ግማሹን በሮም አነጋገር እየዋጠ «ተወው እሱን፣ ከመስኮቱ ጀምርና ስትዞር ብቻ ተናገር» ሲልህ ወዲያው ካልገባህ 30 ሰው ቆሞ ይጠብቅሃል። እሱን የምትማረው ከመጽሐፍ ሳይሆን ከሰው ጋር በመዋል ነው፣ መጋዘን ውስጥ ከአማርኛ ተናጋሪዎች ጋር ብቻ ምሳ የምትበላ ከሆነ ቦታ ቀይር።

ስለ መልካችንም ሳልናገር ብቀር ልክ አይሆንም። ዘውዲ አርአያን ታውቃት ይሆናል፣ ኤርትራ ደቀምሐረ የተወለደችው፣ በ1972 ነው እዚህ ፊልም የጀመረችው፣ በጣም ዝነኛ ሆነች፣ ግን የሰጧት ሮል ሁሉ ማለት ይቻላል ቆንጆ ጥቁር ሴት በባህር ዳርቻ ላይ ነው፣ ሰውነቷን እንጂ ሰውነቷ ውስጥ ያለችውን ሰው አልጠየቋትም። በኋላ እሷ ራሷ ፕሮዲዩሰር ሆነች። ያ ዘመን አለፈ ግን ሙሉ በሙሉ አላለፈም፣ ዛሬም እጄ ላይ የሚደርስ ስክሪፕት ውስጥ «አፍሪካዊ ወጣት 2» የሚል ሮል አለ፣ ስም የለውም፣ ከየት እንደመጣ አይታወቅም፣ ሁለት ቃል ተናግሮ ፖሊስ ይይዘዋል። ልምድ እስክታገኝ ውሰደው፣ ውሰድና ግን ዳይሬክተሩን ስሙን ጠይቀው። «ይሄ ልጅ ስሙ ማነው? እናቱ የት ነች?» በለው በትህትና። ጥሩ ዳይሬክተር ከሆነ ደስ ይለዋል፣ አንዳንዴ እዛው ስም ይወጣለታል፣ ስም ሲወጣለት ደግሞ አንድ ተጨማሪ ሲን ይጨመርለታል፣ ይሄ ሲሆን በዓይኔ አይቻለሁ።

ነገሩ እየተለወጠም ነው። በ2023 ቬኒስ ፊልም ፌስቲቫል ላይ ሴይዱ ሳር የሚባል ሴኔጋላዊ ልጅ፣ ከዛ በፊት ፊልም ሰርቶ የማያውቅ፣ የወጣት ተዋናይ ሽልማት ወሰደ፣ በሰሃራና በሊቢያ አልፎ የሚመጣ ልጅ ሆኖ በመጫወቱ፣ ፊልሙ የዛው የጋሮኔ ነው፣ አብዛኛው ንግግር በወሎፍ ነው። የእኛው ዳግማዊ ይመር ደግሞ በሌላ በር ነው የገባው። አዲስ አበባ ሕግ ሲማር ነበር፣ በ2006 ላምፔዱዛ ደረሰ፣ ሮም ውስጥ ለስደተኞች ጣሊያንኛ በሚያስተምር ቦታ ካሜራ ያዘ፣ በ2008 ከአንድሬያ ሴግሬና ከሪካርዶ ቢያዴኔ ጋር የሰራው ዶክመንታሪ ኢትዮጵያውያን ሊቢያ ውስጥ የደረሰባቸውን በራሳቸው አፍ አስነገረ። እሱ ተዋናይ አይደለም፣ ዳይሬክተር ነው፣ ግን ያነሳሁት ለምን መሰለህ፣ የጣሊያንኛ ክፍል ውስጥ ነው የጀመረው፣ ካሜራ ካላቸው ሰዎች ጋር አንድ ክፍል ውስጥ ስለነበረ።

ሌሎቹ መንገዶችስ? ሁሉም ሰው እንደ ፎንቴ አይደለም፣ እንደውም አብዛኛው ከትምህርት ቤትና ከቲያትር ነው የሚመጣው። ተዋናዩ ቶኒ ሰርቪሎ በ1987 ናፖሊ ላይ ከጓደኞቹ ጋር ቴያትሪ ኡኒቲ የሚባል ቡድን አቋቋመ፣ የመጀመሪያ ፊልሙ በ1992 ነው፣ ዳይሬክተሩ ሶሬንቲኖ የመጀመሪያ ፊልሙን ከእሱ ጋር ሲሰራ ሰርቪሎ 42 ዓመቱ ነበር። ተዋናዩ ሉካ ማሪኔሊ ሮም ያለው የሲልቪዮ ዳሚኮ የድራማ አካዳሚ በ2009 ጨርሶ ነው የወጣው፣ በ2019 ቬኒስ ላይ ተሸለመ። አሌሳንድሮ ቦርጊ ደግሞ ስታንት፣ ማለትም በሌላ ተዋናይ ፋንታ አደገኛውን ሥራ እየሰራ፣ እየወደቀ እየተነሳ ነው የጀመረው። እነዚህ ሁለቱ በ2015 ኦስቲያ ላይ በተቀረጸ ፊልም አንድ ላይ ሰሩ፣ የዳይሬክተሩ የክላውዲዮ ካሊጋሪ ፊልም ነው። ካሊጋሪ በ32 ዓመት ውስጥ ሦስት ፊልም ብቻ ነው መስራት የቻለው፣ ገንዘብ የሚሰጠው አጥቶ፣ ለዚህኛው ቫሌሪዮ ማስታንድሬያ የሚባለው ተዋናይ ለስኮርሴዚ ግልጽ ደብዳቤ እስከመጻፍ ደርሶ ነው የሮጠለት። ካሊጋሪ ፊልሙ ሳይታይ በዛው ዓመት አረፈ። ኢንዲፔንደንት የምትለው ነገር ማለት ይሄ ነው ወንድሜ፣ የባህል ሚኒስቴር ድጎማ፣ የመንግሥት ቴሌቪዥኑ የፊልም ካምፓኒ ራይ ቺኔማ፣ የክልል ፈንድ ተለቃቅሞ አንድ ላይ እስኪመጣ ዓመታት የሚጠበቅበት ሥራ፣ አንዱ ካልመጣ ቀረጻው ይሰረዛል፣ አንተ ደግሞ ለዛ ፊልም ብለህ ፀጉርህን አሳድገህ ፈረቃህን ለውጠህ ቁጭ ብለሃል።

ሽልማት ራሱ ዋስትና አይደለም። በ2019 ዶግማን ዘጠኝ ዳቪድ ዲ ዶናቴሎ ሰበሰበ፣ የጣሊያን ትልቁ የፊልም ሽልማት ነው፣ የምርጥ ተዋናዩ ግን ለፎንቴ አልሆነም፣ ቦርጊ ወሰደው በሌላ ፊልም። ካን ያሸነፈ ሰው አገሩ ላይ አላገኘም። ፎንቴ ቀጠለ፣ ትልቅም ትንሽም ሮል እየሰራ።

ወደ እንጀራው እንምጣ። መኖር ትችላለህ ወይ? መጀመሪያዎቹ ዓመታት ላይ አትችልም፣ መጋዘኑን አትልቀቅ። የፊልም ሥራ በቀን ነው የሚቆጠረው፣ ትንሽ ሮል ሁለት ቀን፣ አራት ቀን ነው፣ በዓመት 20 ቀን ከሰራህ እንደ ጀማሪ ጥሩ ነው ብዬ ነው የምነግርህ። ቀኖቹ ግን በወረቀት ላይ መሆን አለባቸው። ኢንፕስ፣ ማለትም የማኅበራዊ ዋስትና መሥሪያ ቤቱ ጋ የመዝናኛ ሠራተኞች የጡረታ ፈንድ አለ፣ አንድ ዓመት አገልግሎት ተብሎ የሚቆጠርልህ 90 ቀን መዋጮ ሲኖርህ ነው። ከ2024 ጀምሮ ደግሞ ሥራው ስለሚቆራረጥ የሚከፈል ድጎማ አለ፣ ሲጀመር ባለፈው ዓመት 60 ቀን መዋጮ ያለው ገቢው ከ25,000 ዩሮ ያልበለጠ ሰው ነበር የሚያገኘው፣ በኋላ ትንሽ ላላ አድርገውታል። ግን አብዛኛው ገቢህ ከዚሁ ሙያ መምጣት አለበት፣ ስለዚህ መጋዘን እያለህ አይመለከትህም፣ ወደፊት ግን ይመለከትሃል፣ ቀኖችህን ከአሁኑ ሰብስብ። ለፊልምና ለቴሌቪዥን ተዋናዮች የመጀመሪያው ብሔራዊ የኅብረት ስምምነት ራሱ የተፈረመው በ2023 ዲሴምበር ላይ ነው፣ አስበው፣ ይሄን የሚያህል የሲኒማ አገር ሆኖ።

እኔ ራሴ አንዴ ተበልቻለሁ። አንድ ትንሽ ፕሮዳክሽን፣ ስሙ ይቅር፣ «ፊልሙ ሲሸጥ እንከፍላችኋለን» ብሎ ለሦስት ሳምንት አሰራን፣ ኮንትራት አልነበረም፣ መዋጮም አልነበረም፣ ፊልሙም አልተሸጠም ስልኩም አልተነሳም። ተዋናዮቹ ከእኔ የባሰ ተጎዱ፣ ፊልሙ ስላልወጣ ለማሳያ የሚሆን አንድ ደቂቃ ቪዲዮ እንኳን አልሰጧቸውም። ስለዚህ በነጻ የምትሰራው ለተማሪ አጭር ፊልም ብቻ ይሁን፣ እሱንም ቁራጭ ቪዲዮ እንደሚሰጡህ በጽሁፍ አስፈርመህ። ካምፓኒ ከሆነ ግን ቀረጻ ከመጀመሩ በፊት ኮንትራት፣ ሲያልቅ ደመወዝ ወረቀት። ሶጆርኖህ፣ የመኖሪያ ፈቃድህ ማለት ነው፣ ደግሞ ሥራ የሚፈቅድ መሆኑንና ጊዜው አለማለፉን ቀድመህ አረጋግጥ፣ ቀረጻ ሦስት ቀን ሲቀረው ወረቀቱ አልፎበት ሮል ያጣ ልጅ አውቃለሁ፣ በጣም ያሳዝን ነበር።

ቦሎኛ መሆንህ ደግሞ ጥሩ ነው፣ ሮም ካልመጣሁ አትበል። የክልሉ ፊልም ኮሚሽን ገንዘብ የሚሰጣቸው ፊልሞች የአካባቢውን ሰው እንዲቀጥሩ ይፈለጋል፣ ስለዚህ ነዋሪነትህ ዋጋ አለው። ዩኒቨርሲቲው ውስጥ ዳምስ የሚባል የቲያትርና የሲኒማ ትምህርት አለ፣ ተማሪዎቹ ሁልጊዜ ተዋናይ ይፈልጋሉ። ካንቲየሪ ሜቲቺ የሚባል ከስደተኞችና ከጣሊያኖች የተሰባሰበ የቲያትር ቡድን አለ እዛው፣ ሂድ፣ በሩን አንኳኳ፣ ሮል ባይሰጡህ ወንበር ደርድር። በበጋ ፒያሳ ማጆሬ ላይ አሮጌ ፊልሞች በነጻ ያሳያሉ፣ አንድም እንዳያመልጥህ። ትምህርት ካማረህ ሮም ላይ በላሲዮ ክልል ሥር ያለው የጃን ማሪያ ቮሎንቴ ትምህርት ቤት ነጻ ነው፣ ቼንትሮ ስፔሪሜንታሌ የሚባል የፊልም ትምህርት ቤትም አለ፣ ከ1935 ጀምሮ ያለ፣ መግቢያው ግን ጠባብ ነው፣ የዕድሜ ገደባቸውን ቶሎ እይ ምክንያቱም 26 ነህ።

እና ቪዲዮ። ፎቶና ቪዲዮ የሌለውን ሰው እኔ ለማንም ላሳየው አልችልም። ስልክህን በአግድም አድርገህ ዓይንህ ከፍታ ላይ አስቀምጠው፣ ነጭ ግድግዳ፣ መስኮቱ ፊት ለፊትህ እንጂ ከኋላህ አይሁን። መጀመሪያ ስምህን፣ ቁመትህን፣ የምትኖርበትን ከተማና የምትናገራቸውን ቋንቋዎች ተናገር፣ አማርኛን እንዳትረሳ፣ ሌላም ቋንቋ ካለህ ጥራው። ከዛ አንድ ደቂቃ ተኩል የማትበልጥ ነገር፣ አንዴ በአማርኛ አንዴ በጣሊያንኛ፣ ያንኑ ራሱን። የሚያነብልህ ሰው ከካሜራው አጠገብ ይሁን፣ ድምፁን ዝቅ ያድርግ። ሞኖሎግ ከየት ላምጣ ካልከኝ ከመጋዘኑ አምጣ፣ አለቃህ ባለፈው ሳምንት ያለህን እና አንተ ያልመለስክለትን። ካርቶን እያጠፍክ ተናገረው፣ እጅህ የሚያውቀውን ሥራ እየሰራ። እሁድ ጠዋት ብርሃኑ ሳይጠነክር ቅረጸው፣ አሥር ጊዜ ድገመው፣ ከአሥሩ ውስጥ ከሁሉም ያነሰ «የተጫወትክበትን» ምረጥና ላክልኝ፣ እኔ አየዋለሁ።